ለቤቱ የከፈልነው

ባለፈው ሰሞን ከገበያ ስመለስ፣ ባጃጅ ውስጥ አጠገቤ የተቀመጠች ሴት በጎን በጎን ታየኝ ጀመር። ድንች የያዘውን ዘንቢሌን ወደ እግሬ ሰብሰብ አድርጌ ቦታ ስለቅላት፣ "እትዬ የሺ አይደሉም እንዴ?" አለችኝ። ነኝ አልኳት። "እኔን አላወቁኝም አይደል? ሰናይት ነኝ። ድሮ ባንክ ቤት፣ ብድር ክፍል ነበርኩ።" ትኩር ብዬ ሳያት አወቅኋት። ያኔ ገና ትምህርቷን ጨርሳ የመጣች፣ ጸጉሯን ወደ ኋላ አስይዛ የምትለቅ ቀጭን ልጅ ነበረች፤ አሁን መነጽር አድርጋለች፣ ፊቷም ሞላ ብሏል። ጉንጬን አገላብጣ ሳመችኝ። ከዚያም፣ አገር ሁሉ የሚጠይቀኝን ጠየቀችኝ። "ቤቱስ? ደህና ነው?" ልክ የታመመ ሰው እንደሚጠየቅ። "ቤቱማ ደህና ነው፤ ምን ይሆናል" አልኳት። "ተመስገን ይበሉ፤ ስንቱ አጥቶታል" ብላ መውረጃዋ ደርሶ ወረደች። ተመስገን ማለቱ ከአፌ አልወጣ አለኝ። ባጃጁ ዳገቱን እያቃሰተ ሲወጣ፣ የሆነው ሁሉ ከመጀመሪያው ጀምሮ ተራ በተራ ይመጣብኝ ጀመር።

እኔና ባለቤቴ አስማማው የተጋባን ሰሞን የምንኖረው ከገበያው በላይ፣ አንዲት መበለት ግቢ ውስጥ ባለች አንድ ክፍል ነበር። አስማማው የጂኦግራፊ መምህር ነው። ዐይቶት የማያውቀውን የዓለም ወንዝ ሁሉ በጠመኔ ሰሌዳው ላይ ሲያፈሰው ተማሪው አፉን ከፍቶ ያየው ነበር ይላሉ። እኔ ደግሞ ግብርና ቢሮ ታይፒስት ነበርኩ። ያን ጊዜ ደብረ ታቦር እንዲህ አልሰፋችም። ባጃጅ የሚባል ነገር የለም፤ ቢሮም ገበያም ቤተ ክርስቲያንም በእግር ነው። ማለዳ ከጉና ተራራ የሚወርደው ብርድ ጆሮ ይቆርጣል። የገጠሩ ሰው ጋቢውን እስከ ዐይኑ ተከናንቦ ገብሱንና ድንቹን በአህያ እየነዳ ይገባል፤ እኛ የቢሮ ሴቶች ደግሞ ናይለን ሻርባችንን አስረን፣ ሹራባችንን በትከሻችን ጣል አድርገን፣ ተረከዝ ያለው ጫማችን ጭቃ እንዳይነካው ድንጋይ ድንጋዩን እየረገጥን እንሄዳለን። ከቢሯችን ፊት ለፊት ካሴት ቤት ነበር። ድምፅ ማጉያውን በር ላይ አውጥተው አንዱን የፍቅር ዘፈን ቀኑን ሙሉ ሲደጋግሙት፣ ጣቴ በዘፈኑ ምት ታይፑን ይመታ ነበር። አለቃዬ "የሺ፣ ዛሬ ደብዳቤው ይጨፍራል" እያሉ ይስቁብኛል። ደህና የወንድ ጫማ ከመቶ ብር በታች ይገኛል። ኩንታል ነጭ ጤፍ ሁለት መቶ ብር ገባ ሲባል ሰው ጉድ ብሎ አማተበ። የኔና የአስማማው ደሞዝ ተደምሮ ስምንት መቶ ብር አካባቢ ይሆናል፤ ሥጋም እንበላለን፣ ለአባት ለእናትም እንልካለን፣ ለዓመት በዓል ልብስም እንገዛለን። ሀብታሞች ነበርን። ሀብታም መሆናችንን ግን የነገረን ሰው አልነበረም።

የቤት አምሮት የመጣብን በአስማማው አባት ምክንያት ነው። ሽማግሌው አንድ ጊዜ ከጉና ግርጌ በበቅሎ ተነሥተው፣ የመጀመሪያ ልጃችንን ትርንጎን ሊያዩ መጡ። ማር በቅል፣ ቅቤ በቅምጫና ይዘዋል። አከራያችን በሩ ላይ ቆማ፣ "በቅሎ ግቢዬ አታድርም፤ እንግዳም ከበዛ ኪራዩ ይጨምራል" አለቻቸው። ሽማግሌው ወደ ልጃቸው ዞር ብለው፣ "አስማማው፣ ይህን ሁሉ ተምረህ የሰው ደጅ ነው ያለኸው?" አሉት። በቅሏቸውን አዙረው አንድ ዘመድ ቤት አደሩ። አስማማው ያን ቀን እራት አልበላም። በነጋታው ማዘጋጃ ቤት ሄዶ የቦታ ማመልከቻ አስገባ።

ቦታው ተመራልን፤ ያኔ ዳር አገር፣ ቁጥቋጦና ድንጋይ ነበር። በዚያ ሰሞን ከገበያው ሐጂ ሰይድ የሚባሉ ቆርቆሮ ነጋዴ ነበሩ፤ ሱቃቸው በር ላይ ሁልጊዜ ነጭ ቆባቸውን አድርገው የሚቀመጡ፣ ሲናገሩ የማይቸኩሉ ሰው። አስማማው የቆርቆሮ ዋጋ ሊጠይቅ ሲሄድ አብሬው ነበርኩ። ሐጂ ነገሩን ሰምተው፣ "መምህር፣ ምን አጣደፈህ?" አሉት። "ሁለት ክፍል የእንጨት ቤት ሥራ። ባሕር ዛፉን ከአባትህ አገር አስመጣ፣ ቆርቆሮና ምስማሩን ከኔ ውሰድ። ስታገኝ ትሰጠኛለህ። ወለድ እኛ ዘንድ የለም። ልጅ ሲጨምር ክፍል ትጨምራለህ።"

"ሐጂ፣ እግዜር ይስጥልኝ" አላቸው አስማማው፣ "ነገር ግን በሰው ላይ መክበድ አልፈልግም። እኔ ደሞዝተኛ ነኝ፤ ባንክ ያምነኛል።"

"ባንክማ ያምንሃል" አሉ ሐጂ። ሌላ ገዢ መጣና ወደዚያ ዞሩ።

አስማማው ከሱቁ ወጥተን ስንሄድ፣ "ጭቃ ቤት ሠርቼ ደግሞ አባቴን ላምጣቸው?" አለኝ። ብሎኬት ነው ያማረው። እኔም አልተቃወምኩም፤ ሲሚንቶ ወለል ያለው፣ ማብሰያው ለብቻ የሆነ፣ በረንዳ ያለው ቤት በዐይኔ ይዞርብኝ ነበር። የባንኩ ቀን እንደ ሠርግ ነው የለበስነው። አስማማው ቡናማ ሱፉን አስተኩሶ፣ እኔ የክት ቀሚሴን ለብሼ፣ ሠላሳ ሺህ ብር ልንበደር ገባን። ሥራ አስኪያጁ ወረቀቱን እያገላበጠ፣ "በወር ሁለት መቶ ዘጠና ብር፣ ለሃያ ዓመት" አለን። አስማማው ወደ እኔ ዞሮ፣ "እንችለዋለን አይደል?" አለኝ። እንችለዋለን አልኩ። ስንት በወር እንደሆነ ጠየቅን፤ ተደምሮ ስንት እንደሚሆን ሁለታችንም አልጠየቅንም። ሃያ ዓመት የሚባለውም ሩቅ አገር መስሎ ነው የታየን። ስንወጣ ምግብ ቤት ገብተን ጥብስ በላን፣ ለስላሳ ጠጣን። ደስታችን ልክ አልነበረውም።

ግንባታው ተጀምሮ ግድግዳው ወገብ ሳይደርስ ሲሚንቶ ተወደደ። በዚያ ላይ ክረምቱ ገባ፤ ደብረ ታቦር ክረምት ሲገባ እንዴት እንደሚዘንብ የሚያውቅ ያውቀዋል። ብሎኬቱ ጣራ ሳይኖረው ውኃ ጠግቦ ከረመ። እኛም እዳውን ለባንክ፣ ኪራዩን ለአከራያችን እየከፈልን በሁለት ቢላ ታረድን። በመጨረሻ ገባንበት፤ አራት ክፍል፣ አረንጓዴ የብረት በር። የአስማማው አባት ግን ለምርቃቱ አልደረሱም፤ በዚያው ክረምት ዐርፈው ነበር። በቅሏቸውን ወንድሙ ሸጠና ድርሻውን ላከለት። በር ገዛንበት።

ሰው ቤት ሠራ ሲባል የሚያየው ግድግዳውን ነው። እኛ ከገባን በኋላ ምን ምን እንደቀረ ግን ማንም አላየም። መጀመሪያ ሥጋው ቀረ። ቀጥሎ ለወላጆች የምንልከው። ቀጥሎ የአስማማው ጋዜጣ፣ የኔ የዓመት በዓል ቀሚስ። ወንድሜ ከጉና ግርጌ ገብስና ድንች ባይልክልን ኖሮ ሁለተኛው ልጃችን አበባው በተወለደበት ዓመት ምን እንበላ እንደነበር አላውቅም። ደሞዝ በተቀበልንበት ቀን አስማማው ቀጥታ ወደ ባንክ ይሄዳል፤ ጓደኞቹ ሲጠሩት "መጣሁ" ይልና አይመለስም። ኋላ መጥራቱንም ተዉት። በዚያ ዘመን አንድ ዕድል መጥቶለት ነበር፤ ዲግሪውን እንዲማር ዩኒቨርሲቲ ሊልኩት ስሙ ወጣ። ሲነግረኝ ፊቱ እንደ ልጅ አበራ። ለተማሪ የሚሰጠው ግን ግማሽ ደሞዝ ነው። ባንክ ሄዶ፣ እስክመለስ ታገሡኝ ብሎ ለመነ። መክፈያው አይቆምም አሉት። በእሱ ቦታ የተላከው መምህር ተመልሶ የርሱ አለቃ ሆነ። አስማማው ቤቱን የሚያይበት ዐይኑ ከዚያ ወዲህ ተለወጠ። ድሮ ማታ ማታ ግቢውን እየዞረ ግድግዳውን በእጁ ይዳብስ ነበር፤ ያን ተወ።

ስምንት ዓመት ያህል ከከፈልን በኋላ፣ "ጨከን ብለን ብንዘጋው ስንት ቀረን?" ብለን ለመጠየቅ ባንክ የሄድን ቀን ነው ሰናይትን ያወቅኋት። ትሑት ልጅ ነበረች። ወንበር ሳበችልን። "ዋናው ብድር ሃያ አራት ሺህ ብር ቀርቷል" አለችን።

አስማማው ሳቀ። "ተሳስተሻል የኔ ልጅ። የተበደርነው ሠላሳ ሺህ ነው። እስከ ዛሬ የከፈልነው ራሱ ሠላሳ ሺህ ሊሞላ ነው።"

"አልተሳሳትኩም ጋሼ" አለችው፤ ድምፅዋ ዝቅ አለ። "ወለዱ የሚታሰበው ባልተከፈለው ዋና ላይ ነው። መጀመሪያ ላይ ዋናው ትልቅ ስለሆነ ወለዱም ትልቅ ነው። የመጀመሪያውን ወር ሁለት መቶ ዘጠና ሲከፍሉ፣ ሁለት መቶ ሃምሳው ለወለድ ሄዷል። ከዋናው የቀነሰልዎ አርባ ብር ብቻ ነው። ወደ መጨረሻው ነው የሚገለበጠው። ሃያው ዓመት ሲሞላ በጠቅላላ ከሰባ ሺህ የማይተናነስ ይከፍላሉ።"

"ሠላሳ ተበድረን ሰባ?" አልኳት እኔ።

"አዎ እትዬ። የፈረሙት ላይ አለ። ከመጀመሪያው አንስቶ በየወሩ ትንሽ ትንሽ ጨምረው ቢሆን ኖሮ ብዙ ዓመት ያቃልልዎት ነበር። ያኔ የጨመሩት ሁሉ ቀጥታ ከዋናው ላይ ነበር የሚነሣው።"

ከየት አምጥተን እንጨምር? ጥፋቱ የእሷ አልነበረም፤ የነገረችን እውነቱን ነው። ነገር ግን እውነቱ ከስምንት ዓመት በኋላ ሲነገር ምን ያደርጋል? ከባንኩ ወጥተን በእግራችን ወደ ቤት ተመለስን። ቀኑ ቅዳሜ ነበር፣ ገበያው ደምቆ ነበር፤ በሐጂ ሰይድ ሱቅ ፊት ስናልፍ አስማማው አንገቱን ደፋ።

ከዚያ በኋላ ነገሩ ሁሉ ቁልቁለት ሆነ። መንግሥት መሥሪያ ቤቱን እንደገና አዋቀረ ተባለና ታይፒስት አያስፈልግም ተብዬ ተቀነስኩ። በአንድ ደሞዝ መክፈያው አልሄድ አለ፤ ውዝፍ ተጠራቀመ፣ በውዝፉ ላይ ቅጣት መጣ። ባንኩ ቤቱን ከመሸጥ አንድ መላ አለ አለን፤ ጊዜውን ማራዘም። ውዝፉንም ቅጣቱንም ከዋናው ጋር ደመሩት። ወለዱም ያን ጊዜ ከፍ ብሎ ነበር። በአዲሱ ውል መሠረት እዳችን ስንነሣ ከነበረው በለጠ፤ ዘመኑም እንደገና ሃያ ዓመት ተባለ። ከሀ ጀመርን ማለት ነው። እንደገና ወለድ ወለዱን መክፈል። አስማማው እንደ ደከመው ሰው፣ ፈርሞ ለመገላገል ነው የፈረመው።

ከሰዓት በኋላና ቅዳሜ እሑድ የሰው ልጆች ማስጠናት ጀመረ። ወገቡን ያመዋል። እግሩ ያብጣል። ባሕር ዳር ሄደህ ታየው ብዬ ስወተውተው፣ "ለመመርመሪያ የሚወጣው የአንድ ወር መክፈያ ነው" ይለኛል። በስንት ልመና ዋንዛዬ ፍል ውኃ ወሰድኩት፤ ርካሽ ነው፣ ለወገብም ይበጃል ይባላል። ከሐሙሲት ወርደን ሰው ከየአገሩ ተሰብስቦ እንፋሎቱ ውስጥ ሲታጠብ አየን። አስማማው ከውኃው ወጥቶ፣ ፎጣውን ትከሻው ላይ ጥሎ ድንጋይ ላይ ተቀመጠና በደንብ ሳቀ። ስለ ፍል ውኃ፣ ስለ መሬት ሆድ እሳት እንደ ክፍል ውስጥ ያስረዳኝ ጀመር። አጠገባችን የተቀመጡ ገበሬዎች ጠጋ ብለው ሰሙት። አንዱ ሽማግሌ፣ "መምህር፣ አንቱ ያወቁትን ሁሉ ይንገሩን፤ ፀሐይ ገና ነች" አሉት። ከቤቱ ርቀን ያሳለፍነው ሳምንት ያ ብቻ ነው። ከትዳራችን ዘመን ሁሉ የሚናፍቀኝ እሱ ነው።

ወገቡ አልነበረም፤ ኩላሊቱ ነበር። ሲታወቅ ጊዜው አልፏል። ትርንጎ ያኔ አሥራ አንደኛ ክፍል፣ ከክፍሏ በውጤት ከፊት ከሚመደቡት አንዷ ነበረች። አበባው ትንሽ ነው። አስማማውን ቀበርን፤ ድንኳኑ ሳይነቀል የሚመጡት ለቀስተኞች፣ "ደግነቱ ቤት ጥሎልሻል" እያሉ ያጽናኑኝ ነበር። ቤት ሳይሆን የቤት እዳ ነበር የጣለልኝ። በደሞዙ ቦታ የጡረታው ግማሽ ገባ። ከዓመት በኋላ በአረንጓዴው በራችን ላይ የሐራጅ ማስታወቂያ ተለጠፈ። መንገደኛው ሁሉ እየቆመ ያነባል። ልቅደደው ብዬ ወጥቼ እጄን ዘረጋሁ፤ ትርንጎ ከትምህርት ቤት ስትመለስ ደርሳ እጄን ያዘችኝ። "ተይው እማዬ፤ ብትቀጂው ሌላ ይለጥፋሉ" አለችኝ።

ከዚያ በኋላ ያደረገችውን እኔ አላወቅሁም ነበር። ፓስፖርቷን አውጥታ፣ ከደላላ ተስማምታ፣ ነገሩን ጨርሳ ነው የነገረችኝ። አረብ አገር ልሄድ ነው አለች። ጮህኩ። መሬት ላይ ተንከባለልኩ። "ቤቱ ይሸጥ! ኪራይ ቤት እንገባለን! አባትሽ ቢኖር ይህን ይፈቅድ ነበር?" አልኳት። "አባባ የሞተበት ቤት ተሸጦ ምን እናገኛለን?" አለችኝ። "ባንኩ የራሱን ወስዶ የሚተርፈን የለም። አንቺን እና አበባውን ሜዳ ላይ ጥዬ ደግሞ አልማርም። ሁለት ዓመት ብቻ ነው እማዬ።" ሁለት ዓመት አለች። በሐራጁ ሰሞን ሐጂ ሰይድ፣ እርጅና ተጫጭኗቸው፣ ሳይጠሩ መጥተው የሦስት ወር መክፈያ በእጄ ላይ አኖሩልኝ፤ ትርንጎ አረብ አገር እስክትደርስ ጊዜ የሰጠን ያ ገንዘብ ነው። ሐጂም ብዙ አልቆዩም፤ ነፍሳቸውን ይማር።

የመጀመሪያውን ሁለት ዓመት ለደላላውና ለአሠሪዋ ሠራች ማለት ይቻላል፤ ደሞዟን ያዙባት። እኔ በጡረታውና በክፍሎቹ ኪራይ መክፈያውን እንደምንም ገፋሁት። ከዚያ ቤት ቀይራ መላክ ጀመረች። ሦስት ፎቅ ቤት ብቻዋን ታጸዳለች። በስልክ ስትደውል ከኋላዋ ሁልጊዜ የሚጠራት ድምፅ ይሰማኛል። እዳው አለቀ። ካርታውን ከባንክ የተቀበልኩ ዕለት ደወልኩላትና "ልጄ፣ ነፃ ወጣን፤ ነይልኝ" አልኳት። "እማዬ፣ አሁን መጥቼ ምን እሆናለሁ?" አለችኝ። "ትምህርቴ አልፎኛል። ጓደኞቼ ነርስ ሆነዋል፣ ወልደዋል። አበባው እንኳ ይጨርስ።" አበባውን አስተማረችው። ጣራው ዛገና በእሷ ገንዘብ ተቀየረ። ሁለት ዓመት የተባለው ዐሥር ዓመት አለፈው።

ስትመለስ አበባ ይዤ ነው የተቀበልኳት። ከሦስት ሳምንት በላይ ግን ቤቱ ውስጥ አልኖረችም። ጎህ ሳይቀድ ተነሥታ ወለሉን ትወለውላለች። መስኮቱን ትወለውላለች። ጨርሳ ደግማ ትጀምራለች። "የኔ እናት፣ ተይ፤ ማን አዘዘሽ?" ስላት፣ "እጄ ነው እማዬ፤ እኔ አይደለሁም" ትለኛለች። አንድ ቀን ሻንጣዋን ይዛ ወጣችና ገበያው ጀርባ አንዲት ወለሏ አፈር የሆነች ክፍል ተከራየች። ከሐጂ ሰይድ ልጆች ሱቅ አጠገብም ልብስ ስፌት ከፈተች። ሴት ሁሉ የሠርግ ቀሚሷን እሷ ጋ ነው የምታሰፋው። እኔ ዘንድ በዓል በዓል ትመጣለች፤ ምሳ በልታ ትሄዳለች። ሰው ይገርመዋል። "ቤት እያላት ኪራይ?" ይላሉ። እኔም አንድ ቀን ጠየቅኋት። "ኪራይ ሲሰለቸኝ ጥዬው እወጣለሁ" አለችኝ።

ከጥቂት ወራት በፊት አበባው ከባሕር ዳር መጣ። በአንድ ድርጅት ሒሳብ ሠራተኛ ነው፤ አግብቶ ትንሽ ልጅ አለችው። ቤት ሊገዛ ነው። ባንኩ ለዋስትና ይህን ቤት ፈልጓል፤ የአባታቸው ድርሻ ስላለበት ደግሞ የእህቱም ፊርማ ግድ ነው። ትርንጎን አስጠራኋት። ሜትሯ አንገቷ ላይ እንደተንጠለጠለ መጥታ ሳሎን ተቀመጠች።

"እህቴ፣ ወለዱ ብዙ አይደለም" አላት አበባው። "በወር ስታዪው ከምከፍለው ኪራይ ትንሽ ከፍ ቢል ነው። ኪራይ ደግሞ ሜዳ ላይ የሚፈስ ገንዘብ ነው።"

"በስንት ዓመት ያልቃል?"

"በሃያ።"

"ተደምሮስ?"

አበባው የራሱን ጸጉር አከከ። "እሱን እንዲህ አያዩትም እኮ። ገንዘብ ዋጋው ይወድቃል፣ ደሞዝ ይጨምራል።"

"ልጅህ ስንት ዓመቷ ነው?"

"አራት።"

"ሲያልቅ ሃያ አራት ይሞላታል" አለች ትርንጎ። "እስከዚያ እናንተ ሁለታችሁም ሥራ ላይ ናችሁ እንበል። ማናችሁም አልታመማችሁም እንበል። ካልሆነስ? ማን ነው የሚጨርሰው?"

አበባው ፊቱ ቀላ። "ያደረግሽልኝን አልረሳሁም። ግን ዕድሜ ልኬን ልትቆጥሪብኝ ነው?"

"አልቆጠርኩብህም። ግዛ፤ የምትገዛውን ቤት ራሱን አስይዘህ ግዛ። ከጎደለህ አነስ ያለ ግዛ። ይህን ግን ሁለተኛ ባንክ አይገባም፤ አልፈርምም።"

አበባው ምሳውን ሳይበላ ተነሥቶ ሄደ። እስከ ዛሬ የሚደውለው ለኔ ብቻ ነው። እህቱን አይጠይቃትም። ያን ቀን ከእሱ ኋላ ትርንጎም ልትሄድ ተነሣች። በረንዳው ላይ ስንደርስ ክንዷን ያዝኩና ብዙ ጊዜ በሆዴ ያብሰለሰልኩትን አወጣሁት። "ልጄ፣ ከነገ ወዲያ እኔም የለሁም። ስሙን ወደ አንቺ ላዛውር። የደም ዋጋሽ ነው። ግቢበት፤ ልብስ ስፌቱንም እዚሁ አድርጊው። ዐይኔ እያየ ግቢበት።"

ቤቱን ቀና ብላ አየችው። ግድግዳውን፣ በእሷ ገንዘብ የተቀየረውን ቆርቆሮ፣ ሦስቱን ክፍሎች ያከራየኋቸውን የዩኒቨርሲቲ ተማሪዎች ልብስ የተሰጣበትን ገመድ። ቁጣ የለባትም። አንገቷ ላይ ያለውን ሜትር በሁለት እጇ ይዛ እንደ ሕፃን አባባለችኝ።

"እማዬ" አለችኝ፤ "ከፈልኩልሽ። ደግሞ ልኑርበት?"

ደንበኞች ይጠብቁኛል ብላ ጉንጬን ሳመችኝ። በሩን ራሷ ከውጭ ሳበችው።